ፓስተር ቶሊቨር ሲነሳ

ይህን ጽሑፍ ሁለት ጊዜ ጀምሬ ሁለት ጊዜ ቀድጄዋለሁ። ገና ተማሪ የሆነ ሰው ያጠመቀውን ፓስተር ለመንቀፍ ምን ብቃት አለው እያልኩ ልተወው ተቃርቤ ነበር።

ሉሽየስ ቶሊቨር በታላላቆቹ ሐይቆች ዳር ባለችው የአሜሪካ ከተማችን፣ በጥቁሮች ሰፈር ሠላሳ አንድ ዓመት ሰብኳል። በወጣትነቱ በሰልፍ ላይ አንድ ቀን ታስሮ ነበር፤ ያችን አንድ ቀን እስከ ዛሬ ይመነዝራታል። ምርጫ ሲቃረብ እጩዎቹን መድረክ ላይ አውጥቶ "እግዚአብሔር የላከልን ሰው" እያለ ያስተዋውቃቸዋል። ባለፈው ምርጫ እግዚአብሔር ለአንድ ወንበር ሁለት ሰው ልኮ ነበር።

አምና የሰፈራችን ቤተ መጻሕፍት ሊዘጋ ነው ተባለ። እኔ ያደግሁት እዚያ ነው፤ የሰማንያ ሁለት ዓመቷ እማማ ዜልማ ፕሩዊትም ማንበብ የተማሩት በስተርጅና እዚያው ነው። ፓስተሩ በከተማው ምክር ቤት ፊት እንዲናገርልን ለመንነው።

"እማማ፣ ለእርስዎ ብዬማ በድምፄ ጣራውን ነው የማነሳው!" አላቸው።

በስብሰባው ቀን መቶ ሃያ ሆነን በቤተ ክርስቲያኑ አውቶቡሶች ሄድን። ስሙ ሲጠራ ተነሳ። በእኛ ዘንድ ፓስተር ሲነሳ ተቀምጦ መቅረት ነውር ነው፤ ስለዚህ ሳናስበው ሁላችንም ብድግ አልን።

እሱም ጉሮሮውን ጠርጎ፣ "ክቡራን፣ ሕንፃውን ለአልሚዎች መልቀቅ ጥበብ ነው። ምእመናኔም እንደምታዩት ከእኔ ጋር ቆመዋል" አለ።

ጉልበታቸውን የሚያማቸው እማማ ዜልማ ብቻ አልተነሱም ነበር።

"ተቀመጡ እንጂ! ምን ይገትራችኋል? ቤተ ክርስቲያን መሰላችሁ?" ብለው ጮኹ። ወደ እኔም ዞረው፣ "አንተስ፣ ያ ሁሉ ንባብ እግርህ ጋ አልደረሰም?" አሉኝ።

አፍሬ ተቀመጥኩ፤ ነገር ግን ሰብሳቢዋ የቆሙትን ቆጥራ አስመዝግባ ነበር። ቤተ መጻሕፍቱ እንዲዘጋ ተወሰነ። በወሩ ቶሊቨር የከተማዋ የመሬት ቦርድ አባል ሆኖ ተሾመ፤ እሑድ ለሹመቱ ምስጋና አስዘመረን።

ስንወጣ በሩ ላይ ቆሞ፣ "እማማ፣ ተቀየሙኝ እንዴ?" አላቸው።

"ኧረ ምን በወጣህ! ጉልበቴን እያመሰገንኩ ነው" አሉት።

ምናልባት እኔ የማላውቀው በጎ ሥራ ይኖረው ይሆናል፤ ፈልጌ አጣሁ። ለዚህ ሰው የሚገባው፣ ሲነሳ ማንም አብሮት እንዳይነሳ ነው።