የፊልም ምራቂ

የልጄ አማት የበደለችኝ ባለፈው መስቀል ነው፤ ያውም ቤቴ ተቀምጣ፣ የእኔኑ ቆጮና ሥጋ እየበላች። ስሟን አልጽፍም። ቦንጋ ትንሽ ከተማ ናት፣ የሚያውቃት ያውቃታል።

የአምስት ዓመቷ የልጅ ልጃችን የእንጨት ማንኪያ ጨብጣ አውራ ዶሮዬን ጥግ አስይዛዋለች። "ተንበርከክ! ዛሬ አትተርፍም" ትለዋለች። ዶሮው አልተንበረከከም። እንግዳው ሁሉ ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ። ሴትዮዋ ግን እጇን ከሳህኑ ሳታነሳ፣ "እዚህ ስትውል ስልክ ላይ የምታየው ሰው ሲተራረድ ነው መሰለኝ። ከእንግዲህ እኔ ጋ ብትውል ይሻላል" አለች።

ምራቴ የቢሮ ሠራተኛ ናት። ልጅቷ ከመዋዕለ ሕፃናት ስትወጣ እኔ ጋ ትቆያለች፣ እሑድ እሑድ ደግሞ እዚያኛዋ አያቷ ጋ ትሄዳለች። እኔ ብቻዬን ነው የምኖረው፤ የቤቴ ድምፅ እሷ ነበረች። ስልኬን ልጄ የልጆች ፊልም ብቻ እንዲመጣ አድርጎ ዘግቶልኛል። ያም ሆኖ አጠገቧ ሳልቀመጥ አሳይቻት አላውቅም። የልጆች ፊልሙ ላይ ያለው ዝሆን ሲዘፍን አብሬው እዘፍናለሁ። ይህን ሁሉ ተናገርኩ፤ የሰማኝ የለም። በማግስቱ ልጅቷን ወሰዱብኝ።

ሴትዮዋ ያለ ምራቂ ዕቃ ገዝታ አታውቅም። ኮረሪማም ይሁን ሽንኩርት፣ ሻጩ የተወሰነ ሳይጨምርላት ከፊቱ አትነሳም። በጥቅምት አንድ ቅዳሜ እሷን፣ ምራቴንና ልጅቷን ገበያ አገኘኋቸውና አብሬያቸው ሄድኩ። ፊልም ጫኙ ሱቅ ገባን። ኔትወርክ ስለሚቆራረጥ ብዙ ሰው ፊልም እሱ ጋ ነው ሚሞሪ ካርድ ላይ የሚያስጭነው። ሰውየው ለልጅቷ አንድ የጥንቸል ፊልም ጫነላትና "ቦታ ተርፏል" አለ።

"ምራቂውስ?" አለችው ሴትዮዋ።

"እትዬ፣ ፊልም እኮ ነው፣ ሽንኩርት አይደለም።"

"ቦታ ተርፏል አላልክም? ባዶውን ይዤ ልሂድ?"

"እንደ ባለፈው ልሙላልዎት?"

"ሙላ እንጂ።"

ሞላላትና መሥራቱን ሊያሳያት ከፈተው። ወደ አማርኛ የተተረጎመ ፊልም ነው፤ አንድ ጎራዴ የያዘ ሰው ሌላውን ግድግዳ ላይ አጣብቆ ይጮህበታል። ልጅቷ በደስታ ዘለለችና የሴትዮዋን ቀሚስ ጎተተች።

"እማማ፣ ያ ተንበርከክ የሚለው ሰውዬ! አንቺ ጋ ያየሁት!"

ምራቴ ዞራ እናቷን አየቻት። ፊልም ጫኙ ሽቦ የሚፈልግ መስሎ ከጠረጴዛው ሥር ገባ።

"በነጻ ነው ብዬ እንጂ..." አለች ሴትዮዋ። "ደግሞ እኔ መቼ አየሁት?"

"እሱን ነው የምለው፤ እርስዎ አያዩትም" አልኳት። " ልጅቷን ስልክ አስይዘው ጓዳ ይገባሉ።"

"ታዲያ ሥራ የለብኝም?"

"አለብዎት። ለዚህ ነው እኔ ጋ መዋል ያለባት።"

ምራቴ ሳቋ አመለጣት። "እማዬ፣ በቃ ተሸንፈሻል" አለቻት።

ሰውየውን ከጠረጴዛው ሥር አስወጥቼ ከጥንቸሏ በቀር ያለውን ሁሉ አስጠፋሁት። ሰኞ ልጅቷን ከመዋዕለ ሕፃናት ራሴ ሄጄ አመጣኋት። ለገና አማቲቱን አልጠራኋትም።