ጋቢና ካሳ

አባቴ ጡረታ በወጣበት ዓመት ቤታችን ውስጥ ያለው ነገር ሁሉ ታጠፈ። ፎጣው፣ የእኔ ሸሚዝ፣ ዳቦ የመጣበት ፌስታል ሳይቀር ጠርዙ ከጠርዙ ገጥሞ በአራት ታጥፎ ይቀመጥ ነበር። ዕድሜውን የጨረሰው ቦሌ ውስጥ ባለ አንድ ሆቴል ልብስ ማጠቢያ ክፍል አንሶላ ሲተኩስ ነው። ልጅ ሳለሁ አንድ ጊዜ ይዞኝ ገብቶ ነበር። ክፍሉ በእንፋሎት ተሞልቷል፤ ከእንፋሎቱ ውስጥ ነጭ አንሶላ እየተንሳፈፈ ይመጣል፤ ከአንሶላው ጠርዝ ላይ የአባቴ እጆች ብቻ ይታያሉ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ጊዜ አባቴ ደመና ላይ የሚሠራ ይመስለኝ ነበር።

የምንኖረው ሰሚት ኮንዶሚኒየም፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ነው። ጠዋት በረንዳው ላይ ይቀመጥና ወደ ቦሌ የሚወርዱትን አውሮፕላኖች ያያል።

"ይሄኛው ሞልቷል" ይለኛል። "ዛሬ አንሶላ ይበዛባቸዋል።"

ከሥራው የወጣ አይመስልም ነበር። ግማሹ እዚያ እንፋሎት ውስጥ ቀርቷል፤ ግማሹ በረንዳችን ላይ ተቀምጦ ጡረታውን ይጠብቃል።

ጡረታው ግን አልመጣም። ሆቴሉ ከደመወዙ ሲቆርጥ የኖረውን መዋጮ በጊዜው አላስገባም፤ ማስረጃውንም ወደ ጡረታ መሥሪያ ቤቱ አልላከም። በሄድን ቁጥር "በሂደት ላይ ነው" ይሉናል። ወር ሲያልቅ አባቴ ኮቱን ይለብስና በሚኒባስ ኢምፔሪያል አካባቢ ወዳለው ባንክ እንሄዳለን፤ ገንዘቡ አልገባም እንባላለን፤ እንመለሳለን። እነዚያን ጉዞዎች ለያይቼ አላስታውሳቸውም። አንድ ረጅም ጉዞ ሆነውብኛል፤ መስኮቱ ላይ መጀመሪያ ዝናብ ይወርዳል፣ ቀጥሎ አቧራ ይቀመጥበታል፣ አባቴ ሁለቱንም በእጅጌው ይጠርጋል።

አንድ ቀን ዳቦ ሊገዛ ታች ወዳለው ሱቅ ወርዶ ባዶ እጁን ተመለሰ። ሱቁ በር ላይ ከተቀመጡት ሰዎች አንዱ፣ አባቴ ከኋላው መቆሙን ሳያውቅ፣ "ዝም ብሎ ጡረታ የሚከለክል የለም። ሆቴሉ አንሶላ ጎድሎበት ይሆናል" ብሎ ቀልዶ ነበር። ሌሎቹ ሳቁ። አባቴ ይህንን የነገረኝ የሰው ወሬ እንደሚያወራ ሁሉ ረጋ ብሎ ነው። ከዚያ ቀን በኋላ ዳቦ የምገዛው እኔ ሆንኩ።

በመጨረሻ ጡረታው ተፈቀደ፤ የኋላውም ተጠራቅሞ አንድ ላይ ገባ። እኔ ነገሩ ያለቀ መስሎኝ ነበር።

"ለምን እንደዘገየ ግን ማንም አልተናገረም" አለ አባቴ።

ሕግ አልተማርኩም። የምሠራው ስልክ ጥገና ነው፤ ደንበኛ በማይኖርበት ሰዓት የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁን ስልኬ ላይ እየመላለስኩ አነበብኩት፤ ያልገባኝን የሚያውቅ ሰው ጠየቅሁ። አሠሪው ያለ በቂ ምክንያት ያዘገየው ክፍያ ካለ ሠራተኛው ካሳ መጠየቅ ይችላል፤ የዘገየው ገንዘብ ኋላ ቢከፈልም መብቱ አይቀርም። ለአባቴ ስነግረው ቀስ ብሎ እንድደግምለት ጠየቀኝ። አቤቱታችንን ለሥራ ክርክር ችሎት አስገባን፤ ቀጠሮም ተሰጠን።

ከቀጠሮው በፊት በነበረው እሁድ ከሰዓት በኋላ ሁለት ሽማግሌዎች በራችንን አንኳኩ። አንደኛው የእድራችን ሊቀመንበር ናቸው። ሆቴሉ ለእድሩ ወንበርና ሳህን ያውሳል፤ ሥራ አስኪያጁ የላኳቸው በዚያ በኩል ነው። ሁለተኛው ከወሎ የመጡ ጨርቅ ነጋዴ ናቸው፤ ሰፈሩ በሙሉ ሐጂ ይላቸዋል።

"ተቀመጡ እንጂ" አለ አባቴ።

"አንቀመጥም" አሉ ሊቀመንበሩ። "ቃላችንን ሳትሰማ አንቀመጥም።"

ለዕርቅ የተላከ ሽማግሌ እሺ ሳይባል አይቀመጥም። የቤቱ ባለቤትም ትልቅ ሰው አቁሞ አይመቸውም፤ ብዙ ጊዜ የሚሸነፈው እሱ ነው። አባቴ ከሶፋው ተነሳና እሱም ቆመ።

ሊቀመንበሩ ነገሩን ዘረጉት። አባቴ አቤቱታውን ይተዋል። ሆቴሉ ደግሞ ሠራተኛው በተሰበሰበበት ጋቢ ያለብሰዋል፤ ከጋቢው ጋር በገንዘብ ስጦታ ያደርግለታል፤ ስጦታው ችሎቱ ሊፈርድለት ከሚችለው ካሳ ይበልጣል። እኔ በልቤ ተቀብዬ ጨርሻለሁ።

 ከሰዓት በኋላው ፀሐይ በመጋረጃው አልፎ ክፍሉን ወተት አስመስሎታል። አውሮፕላን በላያችን አለፈ፤ ብርጭቆዎቹ ቁም ሳጥኑ ውስጥ ተንቀጠቀጡ፤ ሁለቱ ሽማግሌዎችና አባቴ ድምፁ እስኪርቅ ድረስ ቆመው ጠበቁ። ነፋስ በሌለበት ግቢ የተሰጡ ነጫጭ ልብሶች ይመስሉ ነበር።

"ኧረ አቦ ተናገር፣ እግሬ ሳይከዳኝ" አሉ ሐጂ።

"ሐጂ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ።"

"ጠይቀኝ።"

"ዱቤ የወሰደ ደንበኛ አመላልሶዎት ሲከፍል፣ አመሰግናለሁ ይሉታል?"

"ምን በወጣኝ። እንኳን ላመሰግነው፣ ሁለተኛ በሬን አያልፋትም።"

"ጋቢውን ሲያለብሱኝ ግን እኔ ጎንበስ ብዬ አመሰግናለሁ" አለ አባቴ። "በሰው ፊት። ያኔ ያየ ሁሉ ደግ ሰዎች ናቸው፣ ጥፋቱን አልፈውለት ነው ይላል። የእኔ ጥፋት ምን እንደነበር የሚጠይቅ የለም። ካሳ ከሆነ ግን ማን እንዳጠፋ ይታወቃል። እኔም ማንንም አላመሰግንም። ታች ሱቅ ወርጄ ዳቦ መግዛት ነው የምፈልገው፣ ሊቀመንበር፤ ሌላ ነገር አልፈልግም።"

"እና ሽማግሌ ልትመልስ ነው?"

"አልመለስኩም። ተቀመጡ ብያለሁ እኮ።"

ያን ጊዜ ሐጂ ሄደው ሶፋው ላይ ተቀመጡ።

"ሐጂ፣ ምን እያደረጉ ነው?" አሉ ሊቀመንበሩ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

"ጉልበቴ ነው።"

"ደረጃውን እኔን ቀድመው አይደል የወጡት?"

"ያኔ ጤነኛ ነበር" አሉ ሐጂ ጉልበታቸውን እያሹ። ወደ አባቴ ዞረው "አብሽር፣ ገብቶኛል" አሉት። ከዚያ መልሰው ሊቀመንበሩን፣ "አንተም ተቀመጥ። የሰው ስም በጋቢ አይሸፈንም" አሏቸው።

ሊቀመንበሩ ትንሽ ቆዩና የሶፋው መደገፊያ ጠርዝ ላይ፣ ቆሙም ተቀመጡም በማይባል ሁኔታ፣ አረፍ አሉ። ሻይ አቀረብኩ። ሊቀመንበሩ ስኳር ያለ ልክ ጨመሩና ሲወጡ "እኔ መልእክተኛ ነኝ" አሉ። አባቴ እስከ ታች ድረስ ሸኛቸው።

ችሎቱ ጡረታው የዘገየው በሆቴሉ ጥፋት መሆኑን ገልጾ ካሳ እንዲከፈል ወሰነ። ገንዘቡ በእርግጥም ከስጦታው ያንሳል። ውሳኔውን ሱቁ በር ላይ ያዳረሱት ሐጂ ናቸው፤ ማንም ሳይጠይቃቸው፣ ጮክ ብለው። ያ የቀለደው ሰውዬ አባቴን ሲያገኘው ከመቀመጫው ተነስቶ ሰላም አለው። አባቴም ሰላም ብሎት ዳቦውን ገዛ።

ካሳውን ለመቀበል ወደ ሆቴሉ አብረን ሄድን። ከምድር ቤቱ የሚመጣው የሳሙናና የትኩስ ጨርቅ ሽታ ኮሪደሩ ላይ ሲደርሰን አባቴ ትንሽ ዘገየ፤ ሰው ስሙን የጠራው ይመስል ነበር። ገንዘብ ያዧ አዲስ ልጅ ናት፤ አታውቀውም። ሲፈርም ቼኩን በሁለት እጇ ሰጠችው፤ ፈገግ ብላም ቀና አለች፣ ሰው በዚህ ጊዜ የሚለውን እየጠበቀች። አባቴ ምንም ሳይላት ዞሮ ወጣ።

አስፋልቱ ዳር ደርሰን ቆመ።

"ልጅቷ ግን ምን አደረገች?"

"ምንም አላደረገችም" አልኩት።

ጥሎኝ ተመለሰ። ተከትዬው በሆቴሉ የመስታወት በር አሻግሬ አየሁት፤ ወደ መስኮቷ ጎንበስ ብሎ አንድ ነገር ተናገረ፤ ልጅቷም ሳቀች። ሲመለስ ፊቱ ቀለል ብሎት ነበር።

"አመሰገንካት?"

"አይ። ደህና ዋይ፣ ልጄ፣ አልኳት" አለ። ከዚያ የሰሚት ታክሲ ወደሚቆምበት አብረን ተሻገርን።