በገመድ የተዘራው ገብስ

ባለፈው ሳምንት አጎቴ በላይ ከእስቴ በአውቶቡስ የገብስ ቆሎ ላከልኝ። ፌስታሉ ሁለት ጊዜ በሲባጎ ታስሯል፤ ሁለቱም ቋጠሮ ተፈትቶ የቆሎው ግማሽ መንገድ ላይ ፈስሷል። ላኪውን ለማወቅ ስሙን ማንበብ አላስፈለገኝም።

አጎቴ በወጣትነቱ ቤተ ልሔም ዜማ ሊማር ገብቶ ድምፁ እምቢ አለው። መካነ ኢየሱስ ላይ ጨው ነግዶ ጣሪያው አፈሰሰበት። ሽማግሌ የላከባቸው ሁለት ልጃገረዶች ቀድመው ታጭተው ተገኙ። በመጨረሻ የግብርና ባለሙያ ሆነና ይታይሽን ወደደ። አባቷን አያ መኮንንን ገብሳቸውን በመስመር እንዲዘሩ አሳምኗቸው ስለነበር፣ «ስለ ልጄ የምንነጋገረው ገብስህ ሲወቃ ነው» አሉት።

በሰኔ መስመሩ እንዲቀና በማሳው ላይ የሚዘረጋውን ገመድ አንዱን ጫፍ የያዝኩት እኔ ነበርኩ። አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር፤ መስመሩ አንድ ጣት ባፈነገጠ ቁጥር «እንደገና» እላለሁ። መንገደኞች፣ «አያ መኮንን፣ ማሳዎን ጥልፍ አስጠለፉት እንዴ?» እያሉ ያልፋሉ። እኛ ስንለካ የዘር ጊዜው አለፈ፤ ዘግይቶ የበቀለውን ገብስ ፍሬ ሳይቋጥር የኅዳር ውርጭ መታው።

በታኅሣሥ፣ አውድማው ላይ በሬዎቹ አበራይተው ሲጨርሱ፣ የአጎቴ ሽማግሌዎች «ምን ይዘን እንቁም?» ብለው ቀሩ። እርሱ ግን ብቻውን መጣ፤ መንሽ አንሥቶም ገብሱን ከገለባው ይለይ ጀመር። ነፋሱን ፊት ለፊት ገጥሞ ስለቆመ ገለባው ሁሉ በራሱ ላይ ወረደ።

ምሳ ይዛ የመጣችው ይታይሽ ጥቂት አየችውና፣ «ኧረ ዙር፤ ነፋሱ በወዲያ ነው» አለችው።

«አውቄ ነው» አለ፤ «ፊቴን እንዲሸፍንልኝ።»

ሳቋን በነጠላዋ ጫፍ ያዘች።

የእህሉ ክምር ከጉልበት አላለፈም። አጎቴ አንገቱን ደፍቶ፣ «አያ መኮንን፣ ጥፋቱ የኔ ነው» አለ።

እርሳቸው አንድ እፍኝ ገብስ አንሥተው እፍ አሉበት። «ሲዘራ የሚመጣ ባለሙያ ብዙ አይቻለሁ። ሲወቃ የመጣ ግን ዛሬ አየሁ። ሽማግሌዎችህን እሁድ ላክ፤ ገመዱን ቤትህ ተወው።»

«እንደገና» ስል የከረምኩት እኔ ግን ጥፋቱ የኔም ነው ሳልል ከአውድማው ራቅሁ።

ከዚያ ወዲህ በሙያዬ ብዙ ነገር ለክቻለሁ፤ ጥንቃቄዬም አስመስግኖኛል። የለካሁት ሳይሰምር ሲቀር ግን ቀድሜ ከአውድማው የምርቅ ሰው መሆኔን አውቃለሁ። ቆሎውን እየቆረጠምኩ ደወልኩ፤ ስልኩን ይታይሽ አነሣች።

«እትዬ፣ ያን ዓመት ዘሩን ያዘገየሁት እኔ ነበርኩ። ለአጎቴ ንገሪልኝ።»

«እሱስ ያውቃል» አለችኝ። «አባቴም ያውቁ ነበር። አንቺም እንደ እሱ ትመጪ እንደሆን ስንጠብቅ ነው የኖርነው።»