የተቆረጠው ምርቃት

የያዙኝ ጠዋት ነው፤ መካነ ኢየሱስ ከተማ ባለችው ጠባብ ስቱዲዮዬ የስንዴ ዘር ማስታወቂያ ሳቀናብር። በሠራሁት የለቅሶ ቪዲዮ ውስጥ የሚፈለግ ሰው ታይቷል ተባለ። ኮምፒውተሬንም፣ ሃርድ ዲስኬንም፣ እኔንም አንድ መኪና ላይ ጫኑን።

ኤዲተር ነኝ። ሰርግ፣ ተዝካር፣ የዘፈን ክሊፕ፣ አጭር ድራማ፣ የወረዳ ስብሰባ፤ ያልነካሁት የለም። ጓደኞቼ «አንተ መቀስ ካገኘህ የእናትህንም ቀሚስ አትምርም» ይሉኝ ነበር። ደስ ይለኝ ነበር።

የታሰርኩበት ክፍል የእህል መጋዘን የነበረ ነው፤ በወለሉ ስንጥቅ ውስጥ ገብስ ተሰክቶ ቀርቷል። በሁለተኛው ቀን ከወገዳ በኩል የመጡ ሽማግሌ ገበሬ አጠገቤ ተቀመጡ። የታሰሩት «ወንዱ ልጅህ የት ገባ?» ተብለው ነው። ሥራዬን ሲሰሙ ትኩር ብለው አዩኝ።

«የሴቷን ልጄን ሰርግ የሠራኸው አንተ ነህ?»

ቀኑንና ቦታውን ሲነግሩኝ አስታወስኩት። «አዎ፣ አባቴ።»

«ታዲያ ምርቃቴ የት ገባ?»

አፈርኩ። ረጅም ነበር፤ ወጣቶቹ እንዳይሰለቹ ብዬ ቆርጬ ጭፈራ አስገብቼበታለሁ። ይህንኑ ነገርኳቸው።

«ይሁን። ልጄ የተዳረችው ጋይንት ነው፤ ሳላያት ብሞት በቪዲዮው ትሰማኝ ነበር። ያልተቆረጠው የለም?»

«አለ። የወሰዱት ዲስክ ውስጥ ነው።»

ለምርመራ በተጠራሁ ቁጥር ዲስኩን እንዲሰጡኝ ለመንኩ። መርማሪው «ስለ ራስህ ብታስብ ይሻልሃል» አለኝ። ስመለስ ሽማግሌው ፊቴን ያዩና ምንም አይጠይቁኝም። ከምርመራው ይልቅ አለመጠየቃቸው ያመኝ ነበር።

አንድ ረፋድ ላይ ስማቸው ተጠራ። ወዴት እንደሚወስዷቸው የነገረን የለም። ጋቢያቸውን አጣፍተው በሩ ጋ ሲደርሱ ወደ እኔ ዞሩ።

«በሞቴ፣ አሁን በቃልህ ያዝልኝ። ለልጄ ትነግርልኛለህ።» እጃቸውን ዘረጉ። «የተከልሽው ይጽደቅ።»

«አሜን» አልን ሁላችንም።

«ዘርቶ ለመቃም፣ ወልዶ ለመሳም ያብቃሽ።»

«አሜን።»

«ያሳጥሩት እንጂ!» አለ ጠባቂው።

የእኔው ቃል ነው፤ ኮምፒውተሬ ፊት ተቀምጬ ስንቱን ሽማግሌ እንዲህ ብያለሁ። ተነሥቼ በእሱና በእሳቸው መካከል ቆምኩ። «ይጨርሱ» አልኩት።

«ከፊትሽ እግዜር ይቅደም፤ ከኋላሽ...»

ጠባቂው ገፈተረኝና ክንዳቸውን ይዞ አወጣቸው። በሩ ሲዘጋ ገና አሜን አላልንም ነበር።

ስፈታ ኮምፒውተሩን መለሱልኝ፤ ዲስኩ ጠፍቷል አሉ። ከጥቂት ወራት በኋላ የሽማግሌው ልጅ አባቷን ስታፈላልግ ስቱዲዮዬ መጣች። አባቷ ያሉበትን አታውቅም፤ እኔም አላውቅም። ከወንበሬ ተነሥቼ የሰማሁትን ምርቃት እንደሰማሁት ነገርኳት፤ «ከኋላሽ» ላይ ስደርስ አቆምኩ። ክፍተት መሙላት እንጀራዬ ነው፤ ስንት ምርቃት ሰምቻለሁ፣ ቀሪውን መገመት አያቅተኝም። አልገመትኩም።

«ከኋላሽስ?» አለችኝ።

«እዚህ ላይ ወሰዷቸው።»

አንገቷን ደፋች። አሜን ግን አላለችም። እኔም እስከ ዛሬ አላልኩም።