«ማስተካከያ» የተባለው ነገር

ቡራዩ፣ እኛ ሰፈር፣ ስብሰባ ሲጠራ አስተርጓሚዋ እኔ ነኝ። የቀበሌው ኃላፊዎች በኦሮምኛ ይናገራሉ፤ ከደቡብ መጥተው ፋብሪካ የሚሠሩት ጎረቤቶቼና ጥጉ ላይ ሱቅ ያላቸው ሐጂ ግን የሚሰሙት አማርኛ ነው። እኔ በሁለቱም ቋንቋ ስላደግሁ ሥራው ከብዶኝ አያውቅም ነበር።

ያን ቀን አንድ ወጣት ኃላፊ ተነሳና፣ «በመንገዱ ዳር ባሉ ይዞታዎች ላይ ከልማቱ ጋር የተጣጣመ ማስተካከያ ይደረጋል» አለ። ቃል በቃል ተረጎምኩት።

ሐጂ ጆሯቸውን ወደ እኔ አዘነበሉ። «ልጄ፣ ሰምቼሻለሁ። ግን ምን ማለት ነው?»

«እኔም አልገባኝም፣ ሐጂ።»

አዳራሹ ተንጫጫ። ከፊት የተቀመጡት አስፋልት ሊመጣ ነው ብለው አጨበጨቡ፤ ከኋላ ያሉት ሊያፈርሱብን ነው ብለው ተነሱ። ሁለት ጎረቤታሞች ፀረ ልማት ነህ፣ አድርባይ ነህ ተባብለው ሊያያዙ ምንም አልቀራቸውም። የተጣሉበትን ነገር ግን አንዳቸውም አያውቁትም።

ወደ ኃላፊው ዞሬ በኦሮምኛ፣ «አይቆጡኝና፣ ቤት ይፈርሳል ወይስ አይፈርስም? እሱን ይንገሩኝና ልተርጉመው» አልኩት።

«ማስተካከያ ነው ያልኩት።»

«እሱንማ ተርጉሜዋለሁ።»

ፊቱ ቀላ። አለቆቹ ጋ ሊደውል ስልኩን ይዞ ወደ ግቢው ወጣ። በመስኮት እናየዋለን፤ እየተመላለሰ ይጠይቃል፣ ያዳምጣል፣ ደግሞ ይጠይቃል። ሐጂ መቁጠሪያቸውን፣ ሙስባሃቸውን፣ አውጥተው መቁጠር ጀመሩ። የእናቴም ቤት እዚያው መንገድ ዳር ነው።

ሲመለስ እኔን አልጠበቀም። በተሰባበረ አማርኛ ራሱ፣ «ቤት አይፈርስም። የጎርፍ መውረጃ ቦይ ሊቆፈር ነው። ወደ መንገዱ የወጣ አጥር ወደ ውስጥ ይገባል። በቃ» አለ።

አንዲት ነፍሰ ጡር ጎረቤቴ ሳቅና እንባዋ ተቀላቀለባት። ሐጂ «አልሐምዱሊላህ» ብለው ወንበሩን ተደገፉ።

ስንወጣ ኃላፊው አጠገቤ መጥቶ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እኔም እኮ የሚፈርስ መስሎኝ ነበር። ‹ቤታችሁን እናፈርሳለን› በል ቢሉኝ እምቢ እል ነበር። ‹ማስተካከያ› ስል ግን ምንም አልከበደኝም። ስላልጠየቅሁ አፈርኩ፤ ስለጠየቅሽኝ ግን ቀለለኝ።»

በሳምንቱ መጨረሻ የሐጂን የቆርቆሮ አጥር ነቅለን ወደ ውስጥ አስገባነው። ተጣልተው የነበሩት ሁለቱ አንዱን ቋሚ በጋራ ተሸክመው፣ ወዲህ ነው ወዲያ ነው እየተባባሉ ይከራከሩ ነበር።