እናቴ ዘቅዝቃ የለጠፈቻቸው ሳላዎች

ከቤት የወጣሁት አመሻሽ ላይ ነው። የአዋሽ ሸለቆ ሙቀት ገና አልበረደም፤ አባቴ ግን በዓል ይመስል ኮቱን ለብሷል። እናቴ ደጅ ቆማ «ምን ረሳሽ? ምን ረሳሽ?» ትለኛለች፣ እኔ ሻንጣዬን ከፍቼ እዘጋለሁ፣ የአዳማው ሚኒባስ ጥሩንባውን ያንባርቃል። አባቴ እርሻው ላይ ከቀሩት ጥቂት ዛፎች የለቀመውን ብርቱካን በፌስታል ቋጥሮ እጄ ላይ አደረገልኝ። «ለመንገድ» አለ። ካናዳ ከአዳማ ትንሽ ራቅ ትላለች ብሎ አስቦ እንደሆነ እግዜር ይወቀው።

ቶሮንቶ ስደርስ የጉምሩኩ ሰውዬ ፌስታሉን በሁለት ጣቱ አነሣው።

«ይኼ ምንድን ነው?»

«ብርቱካን።»

«አባትሽ ናቸው የሰጡሽ?» ብሎ ጠየቀኝ፣ ከየት አመጣሽው ሲለኝ ስለ አባቴ ብዙ ካወራሁለት በኋላ። «እዚህ አገር ብርቱካን እንደሚሸጥ አያውቁም?»

«ያውቃል» አልኩት። «ግን የእሱ አይደለም።»

ሳቀ። ሳቁ ግን ፌስታሉን ከቆሻሻ መጣያው አላዳነውም።

እናንተ እዚያ ያላችሁ፣ እዚህም ከእኔ ጋር በባስ የምትንገላቱ ወገኖቼ፣ ኑሮዬ ከዚያ ፌስታል ብዙ አልራቀም። ኢቶቢኮ አንድ የፍራፍሬ መጋዘን ውስጥ ከስፔን፣ ከሞሮኮ፣ ከደቡብ አፍሪካ የመጣ ብርቱካን ስለይ እውላለሁ። ሁሉም እኩል፣ ሁሉም በሰም የተወለወለ ነው፤ ሲላጥ ግን ቤት የሚሞላው ያ ሽታ የለውም። የእኛ ብርቱካን እኮ ልጣጩ አረንጓዴ ሆኖ ውስጡ ማር ነበር! ይህን ለሱፐርቫይዘሬ ብነግረው «አረንጓዴ ከሆነማ ሪጀክት ነው፣ ይጣላል» አለኝ።

የምኖረው ጄን ኤንድ ፊንች በሚባል ሰፈር፣ የጋሽ ታደሰ ቤት ቤዝመንት፣ ምድር ቤቱ ውስጥ ነው። ጋሽ ታደሰ በደርግ ጊዜ በሱዳን በኩል የወጡ፣ ዕድሜ ልካቸውን ታክሲ ነድተው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው። ቤት ልከራይ የሄድኩ ዕለት «ሪፈረንስ አለሽ?» አሉኝ።

«ምን ማለት ነው ጋሼ?»

«ስለ አንቺ የሚመሰክር ሰው።»

«እግዚአብሔር ይመስክር።»

«እሱማ ፎን አያነሣም፤ እኔም ብዙ ጊዜ ኮል አድርጌለታለሁ» አሉና ቁልፉን ሰጡኝ።

የመኖሪያ ወረቀቴን ስጠብቅ እናቴ ሞተች። አልቀበርኳትም። ይህን አሳምሬ የምነግራችሁ መንገድ የለኝም፤ እናቴን አልቀበርኳትም። ከዚያ ወዲህ አንድ ቦታ መቀመጥ አቃተኝ፤ ባስ ውስጥ ወንበር እያለ እቆማለሁ፣ ሻይ አፍልቼ ሳልጠጣው እወጣለሁ። ዘንድሮ ወረቀቱ ወጣ። ለፋሲካ እመጣለሁ ብዬ ለአባቴ ደወልኩለት። እሱም «እንግዲያው ቤቱን በሲሚንቶ ላስለስን፤ ግንበኛ ይዣለሁ፣ ቅዳሜ ይጀምራል» አለኝ። ደስ አለኝ። ሌላ ነገር አልታየኝም።

ያ ቅዳሜ ማለዳ ጋሽ ታደሰ አሮጌ ሬዲዮ ፍለጋ ፍሊ ማርኬት፣ የአሮጌ ዕቃ ገበያ፣ ይዘውኝ ሄዱ። አንድ ሽማግሌ ነጋዴ ጠረጴዛው ላይ በፍሬም የተሠሩ ሥዕሎች ደርድሯል፤ ቆነጃጅት፣ ወፎች፣ የካሊፎርኒያ ተራሮች፣ በሁሉም ላይ ብርቱካን። ዱሮ ፍራፍሬ በእንጨት ሣጥን በሚጫንበት ዘመን እያንዳንዱ እርሻ የራሱን ሥዕል ሣጥኑ ላይ ይለጥፍ እንደነበር፣ ካርቶን ሲመጣ ወረቀቱ እንደቀረ አስረዳን። ለማን እንደሚያስረዳ አላወቀም። ከዳር ያለው አንድ ሥዕል ዓይኔን ያዘው። ቀንደ ረጅም ሳላ ብርቱካን ዛፍ ሥር ቆሟል፤ ከኋላው ሰማያዊ ተራራ አለ። የማውቀው መሰለኝ፣ ደግሞ አላውቀውም። አንገቴ በራሱ ጊዜ ዘመመ። ፍሬሙን አነሣሁና ገለበጥኩት። የሳላው እግሮች ወደ ሰማይ ሲሆኑ አወቅሁት።

«ዘቀዘቅሽው እኮ» አለኝ ነጋዴው።

«አይደለም» አልኩት። «እንዲህ ነው።»

የእኛ እርሻ ነው! መጀመሪያ ጣልያን ተከለው ይባላል፤ በኋላ የመንግሥት ሆነ፤ ብርቱካኑ በባቡር ጅቡቲ ይወርድ ነበር። አባቴ ማሸጊያው ውስጥ ሳላውን ሣጥን ላይ ሲለጥፍ ኖረ። ሣጥኑ በካርቶን ሲለወጥ የተረፈውን ወረቀት ሠራተኛው እየተሸከመ ቤቱ ወሰደው። ሌላው አገር የጭቃ ግድግዳውን ጋዜጣ ያለብሳል፤ እኛ ሰፈር ሳላ አለበስነው። እናቴ በዱቄት ሙጫ ቤቱን ሁሉ ለጠፈችው። ከአልጋዬ ትይዩ ባለው ግድግዳ ያሉት ብቻ ተዘቅዝቀው ነበር። ፊደል ስላልቆጠረች ጽሑፉ መገልበጡን ሳታውቅ የለጠፈችው ይመስለኝ ነበር፤ እሷም ስስቅባት አብራኝ ትስቅ ነበር። ዛፎቹ ዛሬ የሉም፤ ቅጠሉን ነጠብጣብ የሚያደርግ በሽታ ጨረሳቸው።

ነጋዴው «ብርቅ ነው፣ ሌላ አይቼ አላውቅም» ይላል። እኔ ብቻ ግድግዳ ሙሉ ነበረኝ። ያኔ ነው ግንበኛው ትዝ ያለኝ። ለጋሽ ታደሰ እየተንተባተብኩ ነገርኳቸው።

«ታዲያ ምን ያቆምሻል? ኮል አድርጊ! አሁኑኑ ኮል አድርጊ!»

እዚያ ከሰዓት በኋላ ነው። አባቴ ወዲያው አነሣ።

«አባዬ፣ ግድግዳው ተነክቷል?»

«ሳሎኑ አልቋል። አሁን የአንቺን ክፍል ሊጀምር ሲሚንቶ እያቦካ ነው። መስተዋት ሆኖልሻል!»

«አስቁመው!»

«ምነው? ልጅቷ ካናዳ፣ ቤቱ ወረቀት ለብሶ፣ ሰው ምን ይላል?»

«የእማዬ እጅ ነው አባዬ። እሷ ናት የለጠፈችው። እኔ ሌላ ምን ቀረኝ?»

ከኋላው አካፋ ሲፍቅ ይሰማኛል።

«አሁን የምተኛው በአንቺ ክፍል ነው» አለኝ ቀስ ብሎ። «የኛ አልጋ ሰፋኝ። ራስጌዬን በሳላዎቹ በኩል አድርጌያለሁ፣ ያኔ ያንቺ እንደነበረው።»

«የእኔማ ትይዩ ነበር።»

«አልጋሽ በኋላ ነው የዞረው። ሕፃን ሳለሽ ወባ ጥሎሽ በጀርባሽ ተኝተሽ ነበር። እናትሽ ከራስጌሽ ስትለጥፍ "ምነው ዘቀዘቅሽው?" ብዬ ሳቅሁባት። "ተኝታ ወደ ላይ ወደ ራስጌዋ ስታይ ለእሷ ቀጥ ብሎ ይቆማል" አለችኝ። ይኸው ዛሬም ጠዋት ዓይኔን ስገልጥ ቀጥ ብለው ቆመው ያዩኛል። በየቀኑ ድምፅዋን እሰማለሁ፤ አልቻልኩትም። አንቺ አይተሽው ትመለሻለሽ፣ ልጄ። የምኖርበት እኔ ነኝ።»

ነጋዴው ፍሬሙን እንድመልስለት እጁን ዘርግቷል፤ ጋሽ ታደሰ ፊቴን አይተው ወደ ሬዲዮዎቹ ዞሩ።

«አባባ፣ ሲሚንቶው እየደረቀ ነው!» ብሎ ጮኸ ግንበኛው።

«ምን ልበለው?» አለኝ አባቴ።

ስልኩን ጆሮዬ ላይ ይዤ፣ አንገቴን አዘንብዬ ሳላውን አያለሁ።

«ልጄ፣ አለሽ?»

«አለሁ አባዬ» አልኩት። «አለሁ።»