ለምርመራ የተወሰደው ቆጮ

አብዮት ጠባቂዎቹ ጠመንጃቸውን ትከሻቸው ላይ ሰቅለው አፍንጫቸውን ያዙ!

ዛሬ ልጄ ቆጮ ለምን መሬት ውስጥ እንደሚቀበር ስትጠይቀኝ ትዝ ብሎኝ ብቻዬን ሳቅሁ።

በደርግ ጊዜ ነው፤ የአሰሳ ሰሞን። የቀበሌው ካድሬ ልደታ በነበረው ቤታችን ጓሮ አዲስ የተቆፈረ አፈር አየ።

«መሣሪያ ቀብራችኋል!»

አባቴ በድንጋጤ አመድ መሰለ። እናቴ ግን፣ «ጓድ፣ ከጉራጌ አገር ያስመጣሁት ቆጮ ነው። ገና አልቦካም፣ ባይከፍቱት ይሻላል» አለች።

ካድሬው ግን በአብዮት ጠባቂዎቹ አስቆፈረው። የእንሰቱ ቅጠል ሲገለጥ ሽታው ሁሉንም ወደ አጥር ገፋቸው።

ካድሬው መሸነፍ አልወደደም፤ «ለምርመራ ይወሰዳል!» ብሎ አስጫነው።

በሳምንቱ ብቻውን ተመልሶ መጣ። «እናቴ፣ ክትፎ ተገኝቷል። ይሄ ነገር እንዴት ነው የሚጋገረው?»

(ምርመራው መጠናቀቁ ነው።)

እናቴም «መጀመሪያ ጉድጓዴን ድፈን» አለችው። ደፈነ!

እናንተ ቤትስ በአሰሳ ምን ተማረከ?